የማታዋ ኮከብና አንድ ጉንዶ ማር

ይህን ጽሑፍ ከጀመርኩ ሦስተኛ ቀኔ ነው፤ ሁለት ጊዜ ቀድጄዋለሁ። ጦርነት የለበት፣ ሹመት የለበት፣ ሰው አልሞተበት። አንዲት ልጅ ፊደል ካስቆጠሯት መምህር ጋር ስለ ኮከብ ተከራክራ አንድ ጉንዶ ማር ተረታች፤ ነገሩ ይኸው ነው። «ለዚህ ወረቀት ማባከን ምን ይሉታል?» የሚል ሰው ቢመጣ ልክ ነው ለማለት ቃጥቶኝ ነበር። ኋላ ሳስበው ግን፣ ያን ቀን ወደ ጓዳ ግቢ ስባል ገብቼ ቢሆን ኖሮ ዛሬ ይህ ብዕር በእጄ አይገኝም ነበር። ስለዚህ ተገቢ ሆነም አልሆነም እጽፈዋለሁ።

አባቴ የመቱ ኬላ ጸሐፊ ናቸው። ከያዮ በኩል የሚመጣው ቡናና ማር ወደ ጎሬ የሚያልፈው እሳቸው ጽፈው ከለቀቁት በኋላ ነው። ጋምቤላ ወንዙ ዳር ይሠራ የነበረ አንድ ጸሐፊ ወደ ሌላ አገር ሲዛወር ዕቃውን ሸጦ ነበርና፣ አባቴ ባዶ ወረቀት ይገኝበታል ብለው አንድ የቆርቆሮ ሣጥን ገዙ። ወረቀቱ አብዛኛው በእርጥበት ተበላሽቷል። ከሥሩ ግን ሽፋኑን ምስጥ የበላው አንድ መጽሐፍ ወጣ። በአማርኛ የታተመ፣ ስለ ሰማይና ስለ ከዋክብት የሚናገር መጽሐፍ ነበር። አባቴ አገላብጠው አዩትና «ለምንም አይሆንም፤ ከፈለግሽ ውሰጂው» አሉኝ። ዐይናቸው ስለደከመ ደብዳቤ የማነብላቸው እኔ ነበርኩና ማንበቤ በቤታችን ነውር አልነበረም።

ያንን መጽሐፍ ስንት ጊዜ እንዳነበብኩት አላውቅም። ጨረቃ የራሷ ብርሃን እንደሌላት፣ ብርሃኗ ከፀሐይ የተዋሰችው እንደሆነ ይናገራል። ከከዋክብትም መካከል በአንድ ቦታ የማይረጉ፣ እንደ መሬት ፀሐይን የሚዞሩ አሉ ይላል። ከሁሉ ያስገረመኝ ግን አንድ አጭር ቃል ነው። ሰው የማታ ኮከብ የሚላትና የንጋት ኮከብ የሚላት ሁለት አይደሉም፤ አንዲት ናት፤ ፀሐይን ስትዞር አንድ ጊዜ ከኋላዋ፣ አንድ ጊዜ ከፊቷ ትታያለች ይላል። በመጽሐፉ መጨረሻ ባሉት ባዶ ገጾች ላይ ደግሞ ያ የጋምቤላው ጸሐፊ ከፈረንጆች መቁጠሪያ ላይ ገልብጦ፣ ኮከቢቱ ለዐይን መታየት የምትጀምርባቸውን ቀኖች ለብዙ ዓመታት በፈረንጅ ወር ጽፏቸው ነበር።

የእኛ አገር ሰማይ ለእንዲህ ያለ ትምህርት የማይመች ነው። መቱ ላይ ዓመቱን ከግማሽ በላይ ዝናብ ነው፤ ዝናብ ባይሆን ጉም ነው፤ ጉም ባይሆን ዛፉ ሰማዩን ይጋርደዋል። ያን ዓመት ግን ከኅዳር ጀምሮ የማታዋ ኮከብ ከምዕራብ በኩል እንደ መብራት ቦግ ብላ ነበር። እኔ በየማታው ከቤታችን አጥር ላይ ሆኜ እጠብቃት ነበር። በጥር ወር በየቀኑ ወደ ታች ዝቅ እያለች መጣች። መጽሐፉ እንዳለው ወደ ፀሐይ እየተጠጋች ነበር።

የጥምቀት ማግስት ከጎሬ ሽማግሎች መጡ። ሊያገባኝ ያሰበው ሰው የጎሬ መጋዘን ሹም ነበር። በዕድሜ አባቴን ሊያክል ምንም አልቀረው። እኔ በዚያን ጊዜ ዐሥራ ስድስት ዓመቴ ነው፤ እዚያው ጎሬ ትምህርት ቤት ተከፍቷል ሲባል ሰምቼ አባቴን «ይላኩኝ» ብዬ ለምኛቸው «እናስብበት» ብለውኝ ነበር። አባቴ እናስብበት ካሉ ግማሹ እሺ ማለት ነው። ሽማግሎቹ ሲገቡ ይህ ግማሽ እሺ ከእጄ ሲወጣ ታየኝ።

ኮከብ እንዲያዩልን የተጠሩት የኔታ ነበሩ። ፊደል ያስቆጠሩኝ፣ ዳዊት ያስደገሙኝ እሳቸው ናቸው። በመቱ ዙሪያ ጾም መቼ ይገባል፣ በዓል በስንት ይውላል ሲባል ሰው የሚሮጠው ወደ እሳቸው ነው። ስሜንና የሰውየውን ስም፣ የእናቶቻችንንም ስም ተቀብለው ጥቂት ሲቆጥሩ ቆዩና ቀና አሉ።

«እንደ ቁልፍና ጓጉንቸር ገጥሟል» አሉ። «የእርስዎ ልጅ ኮከቧ የንጋት ኮከብ ነው። የጌታው የማታ ነው። አንዱ ሲገባ አንዱ ይወጣል። ከተፈጠሩ ጀምሮ ባንድ ሰማይ ተገናኝተው አያውቁም። ያልተገናኘ ምኑን ይጣላል?»

የሽማግሎቹ አለቃ፣ ጢማቸው ደረታቸው ላይ የተኛ ወፍራም ሰው፣ ጭናቸውን መቱ። «ጎሽ! እኔንና ባለቤቴንስ ምነው እንዲህ ባረገን!»

ሁሉም ሳቁ። አባቴም ፈገግ አሉ። እኔ ጠላ እየቀዳሁ ነበር። ማንቆርቆሪያውን መሬት ላይ አስቀመጥኩት።

«የኔታ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ» አልኩ። «የማታዋም የንጋቷም ኮከብ አንዲት ናት።»

«ማን አለ?»

«መጽሐፍ።»

«የቱ መጽሐፍ?»

«ከሣጥኑ የወጣው።»

«ያ ምስጥ የበላው!» የኔታ ወደ ሽማግሎቹ ዞሩ። «ለምስጥ ያልጠነከረ መጽሐፍ ሰማይን ሊሸከም!»

ሳቁ እንደገና ተነሣ። ሽማግሌው ጣታቸውን ወደ እኔ ቀስረው «ልጄ፣ ጌታው ለቤቱ ሴት ነው የሚሻው። ጸሐፊ አለው» አሉ።

«ወደ ጓዳ ግቢ» አሉ አባቴ።

እስከዚያ ቀን ድረስ ግቢ ተብዬ ያልገባሁበት ጊዜ የለም። ዛሬም ሲጠሩኝ አቤት፣ ሲልኩኝ ወዴት ማለት እወዳለሁ። ያን ቀን ግን እግሬ እንቢ አለኝ።

«እወራረዳለሁ» አልኩ። «በማር።»

በእኛ አገር ወንዶች ዳኛ ፊት ቆመው ሲሟገቱ ቃላቸውን የሚያጠነክሩት በውርርድ ነው። አንዱ በማር፣ ሌላው በፈረስ ይላል፤ ዋስ ይጠራል፤ የተረታ ይከፍላል። ጠላ የምትቀዳ ልጅ በራሷ ጋብቻ ላይ፣ ያውም መምህሯን ስትወራረድ ግን ማንም አላየም።

«ዋስሽ ማነው?» አሉ ሽማግሌው። «ድመቷ?»

«እኔ ነኝ።»

ይህን ያሉት ደጃፉ ላይ የተቀመጡ ሰው ናቸው። ለቤታችን ማር የሚያመጡልን የያዮ ሰው ነበሩ፤ ኦቦ እያልን እንጠራቸዋለን። የዚያን ቀንም ለእንግዶቹ ጠጅ የሚሆን ማር አስረክበው መመለሻቸው ነበር።

ሽማግሌው «አንተ ደሞ ኮከብ ከማን ተማርክ?» አሏቸው።

«ቀፎ ዛፍ ላይ የምሰቅል እኔ፣ ሳይነጋ መንገድ የምጀምር እኔ» አሉ ኦቦ። «ባካልቻን፣ ይህችኑ ኮከብ፣ ከእኔ በላይ ማን ያያታል? ማታ ስትጠፋ ጧት ትመጣለች። ጧት ስትጠፋ ማታ ትመጣለች። ሁለቱንም ባንድ ቀን ያየ ሰው ካለ ይምጣና ማሬን ይውሰድ። ኢንተላኮ፣ ልጄ፣ አትፍሪ። አንድ ጉንዶ ማር ከእኔ።»

አባቴ ዕድሜያቸውን ሁሉ የሰው ቃል ሲጽፉ የኖሩ ናቸው። የተነገረ ቃል ሲበተን ማየት አይችሉም። ቀለምና ብዕር አስመጡ። «ቀኑን ወስኚ» አሉኝ። «ኮከቢቱ በንጋት ከታየች የየኔታ ቁጥር ፈረሰ፤ እኔም ልጄን አልሰጥም። ካልታየች ማሩን ትከፍያለሽ፤ ሽማግሎቹም በቅበላ ዕለት እሺ የሚል ቃል ይዘው ይሄዳሉ።»

ቅበላ፣ ዐቢይ ጾም ሊገባ ሰው ሁሉ ሥጋ የሚሰናበትባት እሑድ፣ የካቲት አራት ነበረች።

መጽሐፉን አመጣሁ። የጋምቤላው ጸሐፊ ኮከቢቱ በንጋት የምትታይበት ብሎ የጻፈው፣ የፈረንጅ ሁለተኛ ወር በገባ በዐሥር ነው። ከጎኑ በትንንሽ ፊደል «በዘጠኝ የእኛ የካቲት አንድ ይሆናል» የሚል ማስታወሻ አለ። እንግዲያውስ ዐሥር የካቲት ሁለት ነው። ሁለት ጊዜ ቆጠርኩት። «የካቲት ሁለት» አልኩ። አባቴ ጻፉ፣ የኔታና ኦቦ ጣታቸውን አሳረፉ።

ኮከቢቱ እስከ ጥር ሃያ አራት ድረስ ታየች። በሃያ አምስት ማታ አጥሩ ላይ ወጥቼ ብጠብቅ፣ ከዛፎቹ በላይ የቀረው የጀንበር መግቢያ ቅላት ብቻ ነበር። እናቴ መጥታ ከሥር ቆመች።

«ለኮከብ ብለሽ ባል ልታጪ ነው?»

«ኮከቧን የፈለግኋት እኮ ባል ለማጣት ነው፣ እማዬ።»

ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ ሳቀች። ወዲያው ሳቋን ዋጠችና «እኔን ሲድሩኝ ማንም ምንም አላወራረደኝም» አለች። ከዚያ በኋላ በዚያ ሳምንት ስለ ነገሩ አንድም ቃል አልተናገረችም። በየማታው ግን ጥሬውን ስትቆላ ለእኔ የምታስቀምጠው በዛ።

የካቲት ሁለት ዓርብ ነበር። ሳይነጋ ከቤተ ክርስቲያኑ በላይ ካለው ጉብታ ወጣን፤ ከዚያ ላይ ወደ ያዮ በኩል ያለው ሰማይ ሳይጋረድ ይታያል። አባቴ፣ የኔታ፣ ሽማግሌው፣ ዋሴ ኦቦና እኔ ነበርን። ሰማዩ የጠራ ነበር። ጉም ጋረደን እንዳልል ጉም የለም። ምሥራቁ ገረጣ፣ ነጣ፣ ቀላ። ዛፎቹ አንድ በአንድ ተለዩ። ፀሐይ ወጣች። ኮከብ የለም።

«ምናልባት መንገድ ላይ ጭቃ ይዟት ይሆናል» አሉ ሽማግሌው። በዚያ ደረቅ ወር መቱ ላይ የጭቃ ጠብታ አልነበረም።

ኦቦ መሬት መሬት አዩ። አባቴ «እንግዲህ አበቃ» አሉ፤ ድምፃቸው ደስ ያለው አልነበረም። እኔ ባለቅስ ነገሩ ያለቀ እንደሚመስል ታወቀኝ።

«ማሩን እከፍላለሁ» አልኩ። «ኮከቢቱ ግን አንዲት ናት።»

«አሁንም?» አሉ ሽማግሌው።

«አሁንም። መቼ እንደምትመጣ ተሳስቼ ይሆናል። መምጣቷን ግን አልተሳሳትኩም።»

«ይህችን ልጅ ጌታው ቢያያት እሱ ራሱ ይሸሻል!» አሉና ሽማግሌው ቁልቁል ወረዱ። የኔታ አልሳቁም። እየወረዱ ሳለ በጣታቸው አንጓ ላይ ሲቆጥሩ አየኋቸው።

ፀሐይ አናት ላይ ስትደርስ የኔታ ብቻቸውን ቤታችን መጡ። አልተቀመጡም። «አምጪው እስቲ ያንን የምስጥ ራት» አሉኝ። መጽሐፉን ሰጠኋቸው። የመጨረሻዎቹን ገጾች ወደ ዐይናቸው አስጠግተው አነበቡ። ያንን ትንሽ ማስታወሻ ሲያገኙ ጣታቸውን አሳረፉበት።

«ይህን የጻፈው ሰው መቼ ነው የጻፈው?»

«አላውቅም።»

«አታውቂም፤ እሱ ግን ጽፎልሻል። ከታች አንብቢ።»

ከገጹ ጥግ፣ ምስጥ በልቶት ከቀረው ላይ፣ «ዘመነ ዮሐንስ» ይላል። እኔ ያን ቃል መቶ ጊዜ አይቼ መቶ ጊዜ አልፌዋለሁ።

«በሉቃስ ዘመን ጳጉሜን ስድስት ናት» አሉ የኔታ፣ ፊደል ሲያስቆጥሩኝ በነበረው ድምፅ። «በዚያች በአንዲት ትርፍ ቀን የተነሣ፣ ከሉቃስ ቀጥሎ በሚመጣው በዮሐንስ ዓመት የእኛ ወር ከፈረንጁ ወር ጋር ሲተያይ አንድ ቀን ይዘገያል። የጋምቤላው ሰው ለዚያ ዓመት ትክክል ጽፏል። ዘንድሮ ግን ማን ላይ ነን?»

«ማርቆስ።»

«ማርቆስ ላይ ሆነሽ በዮሐንስ ቆጠርሽ። የፈረንጁ ዐሥር ዘንድሮ የካቲት ሦስት ነው። ነገ ማለት ነው። ይህን እኔ ያስተማርኳት ልጅ ትስታለች?»

«የኔታ፣ ታዲያ ለምን ነገሩኝ? ረትተውኝ የለም ወይ?»

«ማሩንማ ረትቻለሁ፤ አንድ ማንኪያ አልቀንስልሽም» አሉ። «ነገር ግን ቁጥር ተበላሽቶ እያየሁ ብተኛ እንቅልፍ አይወስደኝም። ለአባትሽ ንገሪ። እኔም እመጣለሁ። ነገ ካልወጣች ግን ጎሬ ነሽ፤ በበቅሎ።»

አባቴ ነገሩን ሲሰሙ ወረቀቱን አውጥተው ዘረጉት። «የካቲት ሁለት ነው የሚለው። እኔ ራሴ ነኝ የጻፍኩት።»

«ቀኑን ተረትቻለሁ፣ አባባ» አልኳቸው። «ስለ ቀኑ ማሩን እከፍላለሁ። ሙግታችን ግን ስለ ቀን አልነበረም። አንዲት ናት ወይስ ሁለት ናቸው ብለን ነው የተነሣን። ያ ገና አልተፈረደም። ባልተፈረደ ነገር ልጅ ይሰጣል?»

እሳቸው ፊት እንዲህ ረጅም ነገር ተናግሬ አላውቅም። አባቴ ወረቀቱን ቀስ ብለው አጠፉት።

«አንድ ቀን» አሉ። «ከነገ ወዲያ ቅበላ ነው። ከዚያ በኋላ ቃል የለኝም።»

ቅዳሜ ንጋት ስንወጣ ሰማዩ የትናንቱ አልነበረም። በሌሊት በያዮ በኩል ሣር ተቃጥሎ ጢሱ አድማሱን ሞልቶታል። ሽማግሌው እየሳሉ መጡ። «ትናንት ጠርቶ ያልታየ፣ ዛሬ በጢስ ሊታይ!» አሉ። ጢሱ ከሥር ቀይ፣ ከላይ አመድ መሰለ። ብዙ ቆየን።

«ያቺ ምንድን ናት?»

ይህን ያሉት ሽማግሌው ነበሩ። ቅርባቸውን የማያየው የሽምግልና ዐይናቸው ሩቁን ከሁላችን ቀድሞ አየ። ያሉትን እንደሰሙ ራሳቸው ደንግጠው ጢማቸውን ያዙ።

ከጢሱ ውስጥ፣ ከጋራው ጥቂት ከፍ ብሎ፣ አንድ የፍም ነጥብ ነበር።

«የእረኛ እሳት ናት» አሉ ቶሎ ብለው።

«የእረኛ እሳት እግር አለው ወይ?» አሉ ኦቦ። «ይኸው፣ እየወጣች ነው።»

እውነትም ትወጣ ነበር። ከጢሱ በላይ ስትሆን ቅላቷ ተገፈፈና ነጭ ሆነች፤ በኅዳር ማታ ከአጥሩ ላይ ያየኋት ራሷ።

ሽማግሌው እንዲህ በቀላሉ የሚረቱ ሰው አልነበሩም። «እሺ፣ መጣች። የማታዋ ሄዳ ይህች ሌላዋ ብትሆንስ? ማን ጠየቃት?»

ልመልስ ስል የኔታ በእጃቸው ከለከሉኝ።

«ሁለት ቢሆኑ ከዘመናት ባንዱ ቀን አብረው በታዩ ነበር» አሉ። «እኔ ስድሳ ዓመት ሰማይ ሳይ አብረው አላየኋቸውም። አብረው አለመታየታቸው የስምምነት ምልክት ነው ብዬ ነበር፤ አንዲት መሆኗን አልጠረጠርኩም። ይህች ልጅ የያዘችው መጽሐፍ ግን አንዷ በጠፋች በስንተኛው ቀን ሌላዋ እንደምትመጣ ከዓመታት በፊት ጽፎታል። ይህን ሊጽፍ የሚችል አንዲቱን ተከትሎ የቆጠረ ብቻ ነው። ያወጣሁት ኮከብ ፈርሷል።»

ይህን ለማለት ምን ያህል እንደከበዳቸው ዛሬ ይገባኛል። ያን ጊዜ ግን ደስታ ብቻ ነበር የተሰማኝ፤ ስለዚህም አፍራለሁ።

በማግስቱ በቅበላ አባቴ ሽማግሎቹን በደንብ አበሏቸው። ሥጋው ሲያልቅ «የሁለቱ ኮከብ አንድ ሆኖ ተገኘ» አሏቸው። «አንድ ኮከብ ደግሞ ለሁለት ሰው አይበቃም።» ሽማግሌው ሳቅ ቢያመልጣቸው እጅ ነሥተው ወጡ። በሩ ላይ ግን ወደ እኔ ዞረው «መጽሐፉን ምስጥ ይጨርስልሽ!» አሉኝ። እርግማን ይሁን ቀልድ እስከ ዛሬ አላወቅሁም። መጽሐፉ ግን አሁንም አለ፤ ጎሬ ይዤው መጥቻለሁ። ከመስከረም ጀምሮ በዚያ በለመንኩት ትምህርት ቤት የመጀመሪያ ዓመት ተማሪ ነኝ። ከክፍሉ ሁሉ ረጅሟ ስለሆንኩ ከኋላ እቀመጣለሁ። «ባል አጥታ መጣች» ይሉኛል። እኔም አዎ፣ ፈልጌ አጣሁ እላቸዋለሁ።

የቀረው ማሩ ነበር። የኔታ አንድ ማንኪያ አልቀንስም ብለዋል፤ እኔም ቅነሱልኝ አላልኩም። የተሳሳትኩትን ካልከፈልኩ ትክክል ያልኩትም ዋጋ እንደማይኖረው ይሰማኝ ነበር። ኦቦ ግን «የጫካው ዛፍ አበባ የሚጥለው ጾሙ ከተፈታ በኋላ ነው፤ የአሮጌ ማር ዋስ አልሆንም» ብለው አስቆዩኝ። በሰኔ ጉንዶውን ይዘው መጡ። ላድርስልሽ ቢሉኝ እንቢ ብዬ በዝናቡ ውስጥ በራሴ ትከሻ ተሸክሜ ሄድኩ።

የኔታ ክዳኑን ከፍተው በጣታቸው ቀመሱ። ከዚያ መጽሐፉን ይዤ እንደሆነ ጠየቁኝ። ይዤ ነበር። ገጹን አገላብጠው «ኮከቢቱ እንደገና ከማታ ወደ ንጋት የምትዞረው መቼ ነው ይላል?» አሉ። ነገርኳቸው። በጣታቸው አንጓ ላይ ቆጠሩና ሳቁ።

«በሉቃስ መጨረሻ፣ በጳጉሜን ነው። ስድስተኛዋን ቀን እንዳትረሺ።»

«አልረሳም» አልኳቸው፤ ባዶውን መሸከሚያ አንሥቼም ወጣሁ። ነገሩ ያለቀው ያን ዕለት ነው፤ ማክሰኞ፣ ሰኔ ፲፪ ቀን ፲፱፻፳፮ ዓመተ ምሕረት፣ ዘመነ ማርቆስ።